የቤተ ክርስቲያን ቦታ በዘመናዊው ኅብረተሰብ ውስጥ የት ነው?

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።



ባለፈው የጥያቄና መልስ መርሐ ግብር አንድ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ የሆነ ወንድማችን ያነሣውን ጥያቄ አብዛኞቻችሁ ታስታውሱታላችሁ። «ቀድሞ ፊደል የምታስቆጥረው ቤተ ክርስቲያን ነበረች፤ ዛሬ ትምህርት ቤት አለ። ቀድሞ በሽተኛ የሚሄደው ወደ ጠበል ነበር፤ ዛሬ ሆስፒታል አለ። ለድሀውም የእርዳታ ድርጅት አለለት። ታዲያ ዘመናዊው ኅብረተሰብ ቤተ ክርስቲያንን ለምን ይፈልጋታል? ቦታዋስ የት ነው?» ነበር ያለው። ሰዓቱ ደርሷል ተብሎ ጉባኤው በመዝሙር ተዘጋ። እውነቱን እንናገር ከተባለ ግን ሰዓቱ ባይደርስም ኖሮ የምንመልሰው አልነበረንም። የጽሑፍ ክፍሉ ይህን ጽሑፍ እንዲያዘጋጅ የታዘዘው ስለዚህ ነው።

ከጉባኤው ስንወጣ «ልጁ ትምህርት አበላሸው» እያሉ ያንሾካሾኩ ነበሩ። እኛ በዚህ አንስማማም። ስለማይወደው ቤት ቦታ የሚጨነቅ ሰው የለም። ጥያቄው ከባድ ነው እንጂ ክፉ አይደለም፤ ስለዚህም በቁጣ ሳይሆን በእርጋታ ልንመለከተው ይገባናል።

በመጀመሪያ ወንድማችን «ቀድሞ» ያለውን እናስታውስ። ለብዙ መቶ ዓመታት በአገራችን ትምህርት ማለት የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ነበር። ተማሪው ከንባብ ቤት ወደ ዜማ ቤት፣ ከዜማ ቤት ወደ ቅኔ ቤት፣ ከዚያም ወደ መጻሕፍት ቤት እየተሸጋገረ፣ አኩፋዳውን አንግቶ ቁራሽ እየለመነ ይማር ነበር። ጸሐፊውም፣ የባሕረ ሐሳቡም ሊቅ ከዚያው ነበር የሚወጣው። ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ በአዲስ አበባ ዘመናዊ ትምህርት ቤት ሲከፍቱ እንኳ መምህራኑን ያስመጡት ከግብፅ ቅብጦች ነበር፤ የውጭ አገር ትምህርት ሃይማኖት ያስለውጣል የሚለውን ሥጋት ለማብረድ ነው።

ይህ ቦታዋ በሕግም የተጻፈ ነበር። በ1948 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በ126ኛው አንቀጹ የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን የመንግሥቱ ቤተ ክርስቲያን መሆኗንና መንግሥትም እንደሚደግፋት ይደነግግ ነበር። ከሕጉ ሌላ መሬት ነበራት። (የአገሩ ሲሶ መሬት የእርሷ ነበር የሚባለውን ብዙ ሰው እንደ ተቆጠረ ነገር አድርጎ ይጠቅሰዋል፤ የታሪክ ጸሐፊዎች ግን በልኩ አይስማሙም፤ እኛም በዚህ ክርክር አንገባም።) የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት እንዲሆን ሲታወጅ የቤተ ክርስቲያኗም የገጠር መሬት አብሮ ሄደ። በ1980 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለው ሕገ መንግሥት መንግሥትንና ሃይማኖትን ለያየ፤ የ1987ቱም ሕገ መንግሥት በ11ኛው አንቀጹ መንግሥታዊ ሃይማኖት እንደማይኖር፣ አንዱም በሌላው ጉዳይ ጣልቃ እንደማይገባ ደነገገ።

በሕግና በመሬት የቆመ ቦታ ምን ያህል የማያስተማምን እንደ ሆነ ለማወቅ የብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ቴዎፍሎስን ነገር ማስታወስ ይበቃል። ሁለተኛው ፓትርያርክ የነበሩት እኒህ አባት በ1968 ዓ.ም. በደርግ ከመንበራቸው ወርደው ታሰሩ፤ በ1971 ዓ.ም. ተገደሉ። ዐፅማቸው ተገኝቶ በክብር ያረፈው ከመንግሥት ለውጥ በኋላ በ1984 ዓ.ም. ነው። የቤተ ክርስቲያን አባት፣ ስንቱን ቀብረውና አስፈትተው፣ እሳቸው ራሳቸው 13 ዓመት ያህል መቃብራቸው ሳይታወቅ ቆዩ። ይህን ነገር ልብ በሉልን፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

እኒሁ አባት ግን መሬቱ ከመሄዱ ሁለት ዓመት ያህል ቀደም ብሎ፣ በ1965 ዓ.ም.፣ ቃለ ዓዋዲ በተባለው ደንብ እያንዳንዱ ደብር በሰበካ ጉባኤ እንዲተዳደር አድርገው ነበር። ካህናት ብቻ ሳይሆኑ ምእመናንና እንደ እኛ ያሉ የሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶችም በጉባኤው እንዲቀመጡ ሆነ። መሬቱ ሲሄድ ቤተ ክርስቲያን የወደቀችው በምእመናን እጅ ላይ ነው። እናቶቻችን በየወሩ ከመቀነታቸው ፈትተው የሚከፍሉት የሰበካ ጉባኤ ክፍያ፣ ያ ደረሰኙ የሚቆረጥለት ትንሽ ገንዘብ፣ የቄሱን ቀለብና የዕጣኑን ዋጋ ተሸከመ። ስለዚህ ወንድማችን «ቦታዋ የት ነው?» ሲል «በቤተ መንግሥት አጠገብ ነው» ብለን ልንመልስለት አንችልም፤ እዚያ ነበረች፣ ዛሬ ግን እዚያ አይደለችም። ተመልሳም እንድትሄድ የሚመኙ አሉ። እኛ አንመኝም።

አሁን ከአገራችን ታሪክ ለጥቂት ጊዜ ወጣ ብለን በየሳምንቱ ወደምናየው ሥዕል እንለፍ። በቤተ መቅደሳችን ግድግዳ ላይ በጥቁር ፈረስ የተቀመጠው ቅዱስ መርቆሬዎስ ነው። ከፈረሱ በታች በጦር ተወግቶ የወደቀው ንጉሥ ደግሞ ዑልያኖስ ይባላል። ሁላችንም ከሕፃንነታችን ጀምሮ «ከሐዲው ንጉሥ» ብለን ከማለፍ በቀር ምን እንደ ሠራ ጠይቀን አናውቅም። ዑልያኖስ በአውሮፓ አቆጣጠር ከ361 እስከ 363 ድረስ የሮም ንጉሠ ነገሥት ነበር። በክርስትና አድጎ ሳለ ወደ ጣዖት ተመለሰ፤ በ363 ከፋርስ ጋራ ሲዋጋ በጦር ቆስሎ ሞተ። በትውፊታችን የወጋው ሰማዕቱ መርቆሬዎስ ነው፤ ቅዱስ ባስልዮስም በዚያ ጊዜ በሰማዕቱ ሥዕል ፊት ይጸልይ እንደ ነበር ይነገራል።

ይህ ንጉሥ የጻፋቸው ብዙ ደብዳቤዎች እስከ ዛሬ አሉ። ከእነዚህ አንዱን የጻፈው በገላትያ ለነበረ የጣዖት ሊቀ ካህናት ነው። በደብዳቤው ውስጥ ንጉሡ ይነጫነጫል። የእኛ አምልኮ ለምን አይስፋፋም? እያለ ይጠይቅና መልሱን ራሱ ይሰጣል። እነዚያን «ገሊላውያን» (ክርስቲያኖችን መናቁ ነው) ያበዛቸው ለእንግዳ ያላቸው ደግነት፣ ለሙታን ቀብር ያላቸው ጥንቃቄና ንጹሕ ነው የሚባለው ኑሯቸው ነው ይላል፤ ኑሯቸውንስ ማስመሰል ነው ይለዋል። የራሳቸውን ድሆች አብልተው የእኛንም ድሆች ያበላሉ፤ ይህ ለእኛ ኀፍረት ነው ሲልም ያማርራል። ከዚያም በየከተማው የእንግዳ ማረፊያ እንዲሠራ ያዛል፤ ለገላትያም በየዓመቱ 30,000 መስፈሪያ ስንዴና 60,000 መስፈሪያ ወይን ከመንግሥት እንዲሰጥ፣ አብዛኛውም ለእንግዶችና ለለማኞች እንዲታደል ይቆርጣል።

እንግዲህ ወዳጅ ሲያመሰግን ሊያዳላ ይችላል፤ ጠላት ግን ሳይወድ የመሰከረው ሊታመን ይገባዋል። ዑልያኖስ «ክርስቲያኖችን ያበዛቸው ሕንፃቸው ነው» አላለም። «ዜማቸው ነው፣ የበዓል አከባበራቸው ነው» አላለም። እንግዳ፣ ቀብር፣ ኑሮ አለ። ንጉሥ ሆኖ ጎተራው ሁሉ በእጁ ሳለ የቀናው በእነዚህ በሦስቱ ነው።

ቅዱስ ባስልዮስን ከጠቀስነው ዘንድ ስለ እርሱም ጥቂት እንበል፤ ቅዳሴው ከ14ቱ ቅዳሴያት አንዱ ስለሆነ ስሙን ሁላችን እናውቀዋለን። ጳጳስ ከመሆኑ በፊት አገሩን ቀጰዶቅያን ጽኑ ረኀብ መታት። ባስልዮስም በስብከቱ ባለጠጎችን ገሥጾ ጎተራቸውን አስከፈተ፤ የተራቡትንም ሰብስቦ አበላ። በ370 በቂሣርያ ከተሾመ በኋላ ከከተማዋ ውጭ ለሕሙማን፣ ለድሆችና ለመንገደኞች ትልቅ ማረፊያ ሠራ፤ ሐኪሞችና አስታማሚዎች ነበሩበት። ወዳጁ ቅዱስ ጎርጎርዮስ ነባቤ መለኮት እንደሚመሰክረው ሰው የሚሸሻቸውን ለምጻሞች እየሳመ ይቀበላቸው ነበር። እንግዲህ ዛሬ መንግሥት ሆስፒታል ሲሠራ ከቤተ ክርስቲያን ሥራ እንደ ነጠቃት አድርገን ማዘን አይገባንም፤ ደስ ሊለን ይገባል። «የጀመርነው እኛ ነን» እያሉ መኩራራቱ ግን ለታመመ ሰው መድኃኒት አይሆነውም።

እስከዚህ ያለው ከመጻሕፍት የሚገኝ ነው። አሁን የምንጽፈው ግን የራሳችን ጉዳይ ነው፤ ይውጣ ወይስ ይቅር በማለትም ብዙ ተከራክረንበታል።

ባለፈው ዓመት በጥቅምት ወር፣ አንድ ሐሙስ ማለዳ፣ በምዕራቡ በር ለብዙ ዓመታት ይቀመጡ የነበሩ አንድ አረጋዊ ሕዝቡ ከኪዳን ሲወጣ በተቀመጡበት ዐርፈው ተገኙ። ፖሊስ መጥቶ የሚገባውን አደረገ፤ ወረቀቱ አለቀና አስከሬኑ ለቀብር ተፈቀደ። የደብሩ አስተዳዳሪም የመቃብሩን ቦታ ያለ ክፍያ ሰጡ። ፍትሐቱ ሊጀመር ሲል ቄሱ ወደ እኛ ዞር ብለው «የክርስትና ስማቸው ማን ነው?» አሉን።

እርስ በርሳችን ተያየን። በዚያ ቀን ከሰንበት ትምህርት ቤቱ 14 ሆነን ነበር የተገኘነው። ከ14ታችን የክርስትና ስማቸውን ይቅርና የዓለም ስማቸውን የሚያውቅ አልነበረም። «አባባ» እያልን ነበር በአጠገባቸው የምናልፈው፤ አንዳንዴም ያንኑ ሳንል። ፎቶግራፋቸው ግን በስልካችን ውስጥ ነበር። በፋሲካ ለነዳያን ምሳ ያበላን ዕለት የተነሣነው ነው፦ እኛ ትሪውን ይዘን ከመካከል፣ እሳቸው ከዳር፣ ግማሽ ፊታቸው ተቆርጦ።

በዚህ ጊዜ በዚያው በር የሚቀመጡት ዓይነ ስውሯ እማማ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው «እኔ አውቀዋለሁ፤ አድርሱኝ» አሉ። አንዲት እኅታችን እጃቸውን ይዛ አቀረበቻቸው። ስሙን ለቄሱ በጆሯቸው ነገሯቸው፤ ቄሱም ስሙን እየጠሩ ፍትሐቱን አደረሱ። እማማ በኋላ እንዳጫወቱን ሟቹ በአገራቸው አንዲት ሴት ልጅ ነበረቻቸው። አገሩ የት እንደ ሆነ ግን እማማም አያውቁም። ለልጅቱ መርዶ የሚነግራት አልተገኘም፤ እስከ ዛሬም አልተነገራትም።

ለሳጥኑና ለመገነዣው ገንዘብ ያስፈልግ ነበር። በሣጥናችን የነበረው ደግሞ ለአዲስ ልብሰ መዝሙር የተዋጣው ብቻ ነው። ከዚያ እንውሰድ ስንል የሒሳብ ክፍሏ እኅታችን «ለአንድ ነገር የተሰበሰበ ገንዘብ አባላት ሳይጠየቁ ለሌላ ነገር አይወጣም» ብላ ተቃወመች። ያን ጊዜ ብዙዎቻችን ተቆጣናት። ዛሬ ስናስበው ግን ትክክለኛዋ እርሷ ናት፤ የአደራ ገንዘብ በእንባ አይወጣም። ወጪው በብድር ተጽፎ እሑድ ለጉባኤው ቀረበ፤ አባላትም አጸደቁት። ልብሰ መዝሙሩ ለጥምቀት አልደረሰም። በአሮጌው ወጣን፤ ማንም ምንም አላለን።

የጦቢትን መጽሐፍ ያነበባችሁ ታስታውሳላችሁ፤ ጦቢት በነነዌ ምርኮኛ ሆኖ ሳለ የተጣሉትን የወገኖቹን ሬሳ እየፈለገ ይቀብር ነበር፤ ስለዚህም ንብረቱን አጣ፣ ተሰደደም። ዑልያኖስ የቀናበት ጥንቃቄ ይህ ነው። ፓትርያርካችንም 13 ዓመት ያጡት ይህንኑ ነው። እኛ ምርኮኞች አይደለንም፣ የሚያሳድደንም የለም፤ አንድ ስም መጠየቅ ግን አቅቶን ነበር።

ይህ ሁሉ ከሆነ በኋላ ጉዳዩን ለአንድ ለምናከብራቸው የኔታ አማከርናቸው። «ልጆቼ፣ ተጠንቀቁ፤ ቤተ ክርስቲያን የእርዳታ ድርጅት አይደለችም። ሥራዋ ጸሎትና ምሥጢራት ነው» አሉን። ይህን ቃል ቀላል አድርገን ልናልፈው አንችልም፤ የኔታ እውነት አላቸው። ሐዋርያትም ማዕድ ለማገልገል ብለው ጸሎትንና የቃሉን አገልግሎት አልተዉም። ነገር ግን የመበለቶቹንም ማዕድ አልተዉም፤ ሰባት ሰዎች አስመርጠው እጃቸውን ጫኑባቸው (የሐዋ. ሥራ 6፥1-6)። የዲያቆን ስም ራሱ በግሪክኛ አገልጋይ ማለት ነው። ከሁሉም ይልቅ ሊታወስ የሚገባው የችግሩ መነሻ ነው፤ ከዕለቱ እደላ ይዘነጉ የነበሩት የሌላ ቋንቋ ተናጋሪዎቹ መበለቶች ነበሩ። እህል ጠፍቶ አልነበረም። ሰው ተዘንግቶ ነው።

የእርዳታ ድርጅት ሰውን በመዝገብ፣ በተራ ቁጥር ያውቀዋል። ይህም ነውር አይደለም፤ በ1977 ዓ.ም. እንደ ሆነው ያለ ረኀብ ሲመጣ እህል ያለ መዝገብና ያለ ቁጥር ሊታደል አይችልም። ቤተ ክርስቲያናችንም የራሷ የልማት ኮሚሽን አላት፤ እርሱም በመዝገብ ነው የሚሠራው። ቤተ ክርስቲያን ግን ከዚህ ሌላ አንድ ነገር አላት። ሰውን በስም ትጠራለች። በ40 ወይም በ80 ቀኑ ስም ታወጣለታለች፣ ሲቆርብ በዚያ ስም ይቆርባል፣ ሲሞት በዚያ ስም ትሸኘዋለች። ይህን ሥራ ትምህርት ሚኒስቴር አልወሰደባትም፤ ጤና ሚኒስቴርም አልወሰደባትም። ወንድማችን ለጠየቀው ጥያቄ ያገኘነው መልስ ይህ ነው፤ ትንሽ መስሎ ከታየው በደብዳቤ ይጻፍልን፣ በሚቀጥለው እትም እናወጣዋለን።

በዘመናዊው ከተማ ይህ ነገር እየከበደ መሄዱንም እናያለን። ድሮ በአንድ ሰፈር የሚኖር ሰው ሲሞት ጡሩምባ ተነፍቶ ዕድርተኛው ይሰበሰባል፣ ድንኳን ይተከላል፤ ሰንበቴውና ማኅበሩም አለ። አሁን ሰፈሩ ሲፈርስና ሰው ወደ ኮንዶሚኒየም ሲበተን ዕድሩም አብሮ ይበተናል። ከአባሎቻችን መካከል አምስተኛ ፎቅ ላይ ሦስት ዓመት ኖራ የጎረቤቷን ስም የማታውቅ እኅት አለች፤ ይህን ያለችን እርሷው ናት። እንግዲህ ስም የሌለው ሰው የሚገኘው በቤተ ክርስቲያን በር ብቻ አይደለም። አማርኛችን ለማኙን «የኔ ቢጤ» የሚለው በከንቱ አይመስለንም።

ከኅዳር ወር ጀምሮ አንድ ደብተር ከፍተናል። በየበሩ የሚቀመጡትን እየጠየቅን፣ የፈቀዱትን ብቻ፣ የክርስትና ስማቸውን፣ የትውልድ አገራቸውንና ክፉ ቀን ቢመጣ ማን እንዲጠራላቸው እንደሚፈልጉ እንጽፋለን። መጀመሪያ ስንሄድ ብዕርና ወረቀት ይዘን ቆመን ስለ ነበር ሰዎቹ ፈሩን። አንድ አባት «ለማን ልትሰጡት ነው የምትጽፉት? ልታስነሡን ነው?» አሉን። ልክ ነበሩ። ከዚያ ወዲህ ደብተሩን ሳንይዝ እንሄዳለን፣ አጠገባቸው እንቀመጣለን፣ የራሳችንን የክርስትና ስም አስቀድመን እንናገራለን። ስማቸውን ከነገሩን በኋላ ፈቃዳቸውን ጠይቀን ሌላ ቀን እንጽፈዋለን። አንዳንዱ ሦስት እሑድ ይፈጃል። እምቢ ያሉም አሉ፤ አንለምናቸውም፣ ሰላምታውን ግን አንተውም። ፎቶግራፍ ማንሣት ቀርቷል።

እስካሁን የተጻፈው 31 ስም ነው። ከእነዚህ ሁለቱ ዐርፈዋል፤ ለሁለቱም ቄሱ ሲጠይቁ መልስ ነበረን። ለአንደኛዋ ወንድማቸው ከወሎ ደርሶ ቀብሯቸዋል።

ደብተሩ በጽሕፈት ክፍሉ ቁም ሣጥን ውስጥ ነው፤ ቁልፉ በዋና ጸሐፊው እጅ ይገኛል። የምዕራቡና የሰሜኑ በር ተጠናቅቋል። የምሥራቁ በር ግን ገና አልተጀመረም፤ እዚያ የሚቀመጡት ብዙዎቹ በቅርብ ከገጠር የመጡ፣ ከነልጆቻቸው ያሉ እናቶች ናቸው። በመጪው እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ስድስት ሰው ያስፈልገናል፤ ቢቻል ሦስቱ እኅቶች ይሁኑ። ጥያቄውን ያነሣው ወንድማችን የመጀመሪያው ሆኖ ተመዝግቧል።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።